ማዕበል የሚያስነሣው ፕሮስፔሮ ጥሩ ሰው ነው ወይስ ክፉ? ልጄን ምን ልበላት?

የሳባ እናት፦

ሰላም ለዚህ ቤት ሰዎች። የምኖረው ለንደን ነው። ልጄ 15 ዓመቷ ነው፤ ዘንድሮ ትምህርት ቤት የሼክስፒርን «ቴምፕስት» እየተማሩ ነው። እኛ «ማዕበል» ብንለው ያስኬዳል። ትናንት ማታ ሽንኩርት እያቁላላሁ መጥታ አጠገቤ ቆመች። «እማ፣ ይሄ ፕሮስፔሮ ጥሩ ሰው ነው ወይስ ክፉ?» አለችኝ። ስለ እሱ ጽፋ ማስረከብ አለባት።

አብረን ተቀምጠን አነበብነው። እኔ የገባኝ ይሄ ነው። ሰውዬው የሚላኖ መስፍን ነበር። ልቡ መጽሐፍ ላይ ስለነበር አገር ማስተዳደሩን ለወንድሙ ተወለት። ወንድሙ ከኔፕልስ ንጉሥ ጋር ተማክሮ ሥልጣኑን ነጠቀው። ሦስት ዓመት እንኳ ካልሞላት ልጁ ከሚራንዳ ጋር በበሰበሰ ጀልባ ባሕር ላይ ጣሏቸው። ጎንዛሎ የሚባል ደግ ሽማግሌ ስንቅ፣ ውሃ፣ ልብስና የሚወዳቸውን መጻሕፍት ባይጭንለት ኖሮ አልቆለት ነበር። አንድ ደሴት ላይ ደረሱ። ከ12 ዓመት በኋላ ጠላቶቹ የተሳፈሩበት መርከብ በዚያ ሲያልፍ በአስማቱ ማዕበል አስነሣባቸው።

ሳነበው የመጣብኝ የአያቴ ወሬ ነው። በእነሱ አገር በረዶ ይመልሳሉ የሚባሉ አንድ ደብተራ ነበሩ። ባቄላው አብቦ ሰማዩ ሲጠቁር ሰው ወደ እሳቸው ይሮጣል። አዝመራ ሲገባ እህል ይወስዱላቸዋል። ግን እሳቸው በመንገድ ሲያልፉ አያቴ እናቴን በነጠላዋ ትሸፍናት ነበር። በረዶ የሚመልስ ሰው በረዶ መላክም አያቅተውም ብላ።

ልጄን «ጥሩም ነው ክፉም ነው» አልኳት። «እሱማ መልስ አይደለም» አለችኝ። እውነቷን ነው። የምታውቁ እርዱኝ።

የታሪክ መምህር፦

እህቴ፣ የአያትሽ ነጠላ ለልጅሽ ጽሑፍ ጥሩ መነሻ ነው። ቴአትሩ በተጻፈበት ዘመን እዚያም ሰው እንደዚያው ይፈራ ነበር። ንጉሡ ሳይቀር።

እ.ኤ.አ. በ1589 የስኮትላንዱ ንጉሥ ጄምስ የዴንማርኳን አና አገባ። ሙሽሪትን የያዙት መርከቦች በማዕበል ተገፍተው ኖርዌይ ላይ ቀሩ። ሊያመጣት ራሱ ሄደ። ሲመለሱም ባሕሩ አስቸገራቸው። ከዚያ በዴንማርክም በስኮትላንድም «ነፋሱን ያስነሡት ጠንቋዮች ናቸው» ተባለ። ኖርዝ ቤሪክ በሚባለው አካባቢ ብዙ ሰው ታሰረ፣ በሥቃይ ተመረመረ። አግነስ ሳምፕሰን የምትባል አዋላጅ ነበረች። ንጉሡ ራሱ ፊት ለፊት ጠየቃት። በሥቃይ አናዘዟት፤ ሞት ተፈረደባት። በ1597 ንጉሡ ስለ ጥንቆላ መጽሐፍ ጻፈ።

ይኸው ሰው በ1603 የእንግሊዝም ንጉሥ ሆነ። «ማዕበል» ስለመታየቱ የመጀመሪያው መዝገብ ኖቬምበር 1 ቀን 1611 ነው። የታየውም በእሱ ቤተ መንግሥት፣ እሱ ፊት ነው። ነፋስ አስነሥታችኋል ብሎ ሰው ያስፈረደ ንጉሥ ተቀምጦ፣ ነፋስ የሚያስነሣ ሰው የመድረኩ ዋና ባለታሪክ ሆኖ ወጣ። ጸሐፊው ምን ያህል ቀጭን ድልድይ ላይ እንደተራመደ አስቢው።

ሲኮራክስም የገባችው ለዚህ ይመስለኛል። ሲኮራክስ የአልጀርስ ሴት ናት፤ ፕሮስፔሮ ደሴቱ ላይ አግኝቶ ባሪያው ያደረገው የካሊባን እናት። ጨረቃን የምታዝ፣ ባሕሩን የምታስሞላና የምታስጎድል ጠንቋይ ነበረች ይባላል። ፕሮስፔሮ «እሷ ክፉ፣ እኔ የተማርኩ» እያለ ራሱን ከእሷ ጋር ያነጻጽራል። ልጅሽ ይህን ልብ ትበል፦ ፕሮስፔሮ ሲኮራክስን በዓይኑ አይቷት አያውቅም። ደሴቱ ላይ ሲደርስ ሞታለች። ስለ እሷ የምንሰማው ሁሉ ከሰው አፍ የተሰማ ነው።

ሌላም አለ። በአምስተኛው ገቢር ፕሮስፔሮ ኃይሉን ይዘረዝራል። የቀትሯን ፀሐይ አጨለምኩ፣ ነፋሳትን ጠራሁ፣ መቃብር አስከፈትኩ ይላል። ይህ ንግግር የተቀዳው ከሮማዊው ገጣሚ ከኦቪድ ነው። እዚያ ይህን የምትናገረው ሜዲያ የምትባል አስማተኛ ሴት ናት። ጠንቋይዋን ሲያወግዝ የኖረ ሰው በመጨረሻ በጠንቋይ ቃል ራሱን ገለጸ። እኔ አስተማሪዋ ብሆን ይህን ለጻፈች ልጅ ትልቅ ነጥብ እሰጣት ነበር።

ማዕበሉ ራሱም ከአየር የመጣ አይደለም። በ1609 ወደ ቨርጂኒያ የምትሄድ «ሲ ቬንቸር» የተባለች የእንግሊዝ መርከብ በማዕበል ተመትታ በርሙዳ ደሴት ዳር ዐለት ላይ ተቀረቀረች። 150 ያህል ሰዎች ነበሩባት፤ ሁሉም በሕይወት ደሴቱ ላይ ወጡ። ወሬው በ1610 ለንደን ሲደርስ ከተማው በሙሉ ስለዚያ ነበር የሚያወራው።

ሰማይ ወዳድ፦

እኔ አንድ ነገር ብቻ ልጨምር። ሰውዬው አሁንም ከላያችን ይዞራል። ኦክቶበር 28 ቀን 1971 እንግሊዞች ከአውስትራሊያ ዉሜራ በራሳቸው ሮኬት አንድ ሳተላይት አመጠቁ። ስሙን ፕሮስፔሮ አሉት። በራሳቸው ሮኬት ምሕዋር ውስጥ ያስገቡት ሳተላይት እሱ ብቻ ነው። ሮኬቱ ሳይነሣ ገና መንግሥት ፕሮግራሙን ሰርዞት ነበር። በቴአትሩ መጨረሻ የአስማት በትሩን ሊሰብር ከወሰነ በኋላ የመጨረሻ ሥራውን እንደሠራው ሰውዬ ማለት ነው። ሳተላይቱ ዝም ብሏል፤ መዞሩን ግን አላቆመም።

የዩራነስ ጨረቃዎችም አሉ። ሚራንዳ በ1948 ተገኘች። ካሊባንና ሲኮራክስ በ1997፣ ፕሮስፔሮ በ1999። የኋለኞቹ ሦስቱ ከፕላኔቷ ርቀው ወደ ኋላ፣ ፕላኔቷ ፀሐይን ከምትዞርበት አቅጣጫ በተቃራኒ ነው የሚዞሩት። ልጅሽ የሳይንስ ነገር የምትወድ ከሆነ ደስ ይላታል።

ከመጋረጃ ጀርባ፦

እህቴ፣ እኔ ዕድሜዬን የጨረስኩት መድረክ ላይ ነው። ሼክስፒርን አብዛኞቻችን የለመድነው በከበደ ሚካኤል «ሮሜዎና ዡልየት»፣ በጸጋዬ ገብረ መድኅን «ኦቴሎ» እና «ሐምሌት» ነው። ይህን ግን ተማሪ እያለሁ በክበባችን በእንግሊዝኛው ሠርተነዋል። እኔ አልተወንኩም። ነጎድጓዱ እኔ ነበርኩ።

ቴአትሩ ገና ሲከፈት፣ ማንም ሳይናገር፣ የነጎድጓድና የመብረቅ ድምፅ ይሰማ ይላል። በሼክስፒር ዘመን የመድፍ አረር በሳንቃ ላይ ያንከባልሉ ነበር፤ ከበሮ ይመቱ ነበር። እኛ ከመርካቶ፣ ከምናለሽ ተራ፣ ቁመቴን የሚያክል ላሜራ ገዛን። ከላይ በሁለት ቦታ በስተን በገመድ ሰቀልነው። ታችኛውን ጠርዝ ይዘሽ ቀስ ብለሽ ስታወዛውዢው ከሩቅ የሚያጉረመርም ሰማይ ይሆናል። በድንገት ስትነቀንቂው መብረቅ ነው። ለዝናቡ አንዷ ልጅ ሰፌድ ላይ ሽምብራ ታንገዋልላለች። ከኋላ ሆነሽ ዓይንሽን ብትጨፍኚ የሐምሌ ዝናብ ነው።

የመጀመሪያው የልምምድ ቀን ባለኝ ጉልበት ነቀነቅሁት። አዘጋጃችን አስቆመን። «ቃሉን ዋጥከው» አለኝ። ቃሉ የመርከበኞቹ አለቃ ቃል ነው። መኳንንቱ መርከቡ ላይ ቆመው ያዝዙታል። እሱ ደግሞ ይህ የሚያገሳ ማዕበል ለንጉሥ ስም ምን ደንታ አለው ይላቸዋል። ያ ካልተሰማ ቴአትሩ የለም። ከዚያ በኋላ ቃሉ ሲደርስ ላሜራውን በሁለት እጄ ደረቴ ላይ አስደግፌ እይዘዋለሁ። እስኪረግብ ድረስ በአጥንቴ ውስጥ ይንቀጠቀጣል። እስካሁን ይሰማኛል።

ከዚያ ሁለተኛው ትዕይንት ነው። ሚራንዳ እያለቀሰች ትገባለች። አባቴ፣ ይህን ያስነሣኸው አንተ ከሆንክ አብርደው ትለዋለች። እሱ ካባውን አውልቆ መሬት ላይ ያኖረዋል። ጥበቤ፣ እዚያ ተኛ ይላል። እኔም በዚያ ቃል እቆማለሁ። ከዚያ ወዲያ ብዙ ሥራ ስለሌለኝ እዚያው ተቀምጬ የቀረውን አዳምጣለሁ። ልምምዱን ሁሉ እንደዚያ ነው የሰማሁት። ስሰማ ስሰማ አንድ ነገር ገባኝ።

ማዕበሉን የሠራው ፕሮስፔሮ አይደለም። ያዘዘው እሱ ነው። የሠራው ኤሪየል ነው፤ የአየር መንፈሱ። መርከቡ ላይ እሳት ሆኖ የወረደው፣ በምሰሶው ጫፍ የነደደው፣ ሰዎቹን አንድ ጠጉራቸው ሳይጎድል ዳር ያወጣው እሱ ነው። ሥራውን ጨርሶ መጥቶ ይናገራል። ፕሮስፔሮ ያመሰግነውና ወዲያው ሰዓት ይጠይቃል። ከቀኑ 8 ሰዓት አልፏል። እስከ 12 ሰዓት የቀረውን ሥራ መጨረስ አለብን ይለዋል።

ኤሪየል እዚህ ላይ ነው አፍ አውጥቶ የሚጠይቀው። ነፃ አወጣሃለሁ ብለኸኝ ነበር፤ አንድ ዓመት እቀንስልሃለሁ ብለኸኝ ነበር ይለዋል። አልዋሸሁህም፣ አልሳትኩም፣ አላጉረመረምኩም ይለዋል። ፕሮስፔሮ ይቆጣል። ሲኮራክስ በተሰነጠቀ የጥድ ግንድ ውስጥ 12 ዓመት ዘግታብህ ነበር፤ ያወጣሁህ እኔ ነኝ ይለዋል። ዳግመኛ ብታጉረመርም ወርካ የሚያክል ዛፍ ሰንጥቄ 12 ክረምት እከትሃለሁ ይለዋል። ጠንቋይዋ ያደረገችውን እኔም አደርገዋለሁ ማለቱ ነው። መምህሩ ያሉትን እዚህ ላይ እጨምርበታለሁ፤ ልዩነታቸው ጠባብ ነው።

ስለዚህ እህቴ፣ ለልጅሽ እኔ የምላት ይሄ ነው። ሰውዬውን በማዕበሉ አትለኪው። ማዕበሉን ለሠራለት ምን አደረገለት? በዚያ ለኪው።

አሁን አምስተኛው ገቢር ላይ ልድረስ። ጠላቶቹ በሙሉ እጁ ላይ ናቸው። አእምሯቸው ዞሮ አንድ ቦታ ተገትረዋል። ኤሪየል መጥቶ ሁኔታቸውን ይነግረዋል። ሽማግሌው ጎንዛሎ እያለቀሰ ነው፤ ስንቁን የጫነለት ያ ደግ ሰው። እንባው በጢሙ ላይ የሚወርደው የክረምት ጠፈጠፍ ከሳር ክዳን እንደሚወርድ ነው ይለዋል። ለመጀመሪያ ጊዜ ስሰማው ከእንግሊዝ አገር የመጣ ቃል አልመሰለኝም። የአያቶቼ ቤት ደጃፍ ነው የታየኝ። ጠዋት ዝናቡ አባርቶ፣ ሳሩ ግን ገና ጠብ ጠብ ሲል።

ከዚያ ኤሪየል አሁን ብታያቸው ልብህ ይራራ ነበር ይለዋል። ፕሮስፔሮ እንደዚያ ይመስልሃል? ይለዋል። ሰው ብሆን የእኔ ይራራ ነበር ይላል ኤሪየል። ሰው ብሆን! የእኛ ተዋናይ ይህን ካለ በኋላ ፕሮስፔሮው ለረጅም ጊዜ ዝም ይል ነበር። አዳራሹም አብሮ ዝም ይላል። አየር ብቻ የሆነው ከራራላቸው፣ እንደ እነሱ የምተነፍሰው እኔ እንዴት አልራራም ይላል በመጨረሻ። ይቅር አላቸው። ወንድሙ በግልጽ ይቅርታ ሳይጠይቅ።

ከዚህ ቀጥሎ ነው በትሬን ሰብሬ እቀብራለሁ፣ መጽሐፌንም ከጥልቅ ባሕር እጥላለሁ የሚለው። ሰው ሁሉ የሚጠቅሰው ይህን ነው። እኔ የምወደው የመጨረሻውን ትእዛዝ ነው። ኤሪየልን አንድ የመጨረሻ አየር ያዝዘዋል። ማዕበል አይደለም። ጠላቶቹ የነበሩት ሰዎች በሰላም አገራቸው እንዲገቡ ጸጥ ያለ ባሕርና መልካም ነፋስ ነው። ይህን አድርግና ነፃ ነህ፣ ደኅና ሁን ይለዋል። የገባውን ቃል ፈጸመ።

ሁሉም ከወጡ በኋላ ፕሮስፔሮ ብቻውን ይቀራል። ኃይሉ የለም። ተመልካቹን እጃችሁን አጨብጭቡልኝ፣ እስትንፋሳችሁ ሸራዬን ይሙላልኝ ብሎ ይለምናል። ነፋስን ሲያዝ የኖረ ሰው ነፋስ ይለምናል። ይህ ሲሆን እኔ ከመጋረጃው ጀርባ ላሜራውን ይዤ ቆሜያለሁ። አንድ ጊዜ ብነቀንቀው ነፋሱን መስጠት እችላለሁ። ግን ጽሑፉ ላይ ለእኔ የተጻፈ ነገር የለም። ጭብጨባው ይመጣል ወይስ አይመጣም ብዬ እንደ እሱ እጠብቃለሁ።

ንባብ ወዳድ ከሐዋሳ፦

ጋሼ፣ ያሉት አንጀቴን በላው። ግን በእርስዎ መለኪያ ከሄድን ካሊባንስ? ማዕበሉን ኤሪየል ከሠራ፣ የቤቱን ሥራ የሠራው ካሊባን ነው። እንጨት የሚፈልጠው፣ እሳት የሚያነደው እሱ ነው። ፕሮስፔሮ ራሱ ያለ እሱ መኖር አንችልም ይላል።

ደሴቱ የእናቱ ነበር። ሲመጡ ወደዳቸው፤ ንጹሕ ውሃው የት እንዳለ፣ ጨዋማው የቱ ነው፣ የሚያበቅለው መሬት የቱ ነው አሳያቸው። ከዚያ ድንጋይ ውስጥ አሰሩት። ፕሮስፔሮ ልጄን ሊደፍር ሞከረ ይላል፤ ካሊባንም አይክድም። ይህ ከባድ ነው። አላቃልለውም፤ የሳባ እናትም ከልጅሽ ጋር አውሩበት። ግን ባርነቱን ትክክል አያደርገውም።

ቋንቋ አስተማራችሁኝ፣ ትርፌ መራገም መቻሌ ነው ይላቸዋል። ይህን የሚለው ሰው ነው ደግሞ ስለ ደሴቱ በጣም ውብ የሆነውን ንግግር የሚናገረው። ደሴቱ በማይጎዳ ድምፅና ዜማ የተሞላ ነው፤ በእንቅልፌ ደመናው ተከፍቶ ሀብት ሊወርድልኝ ሲል እነቃለሁ፣ እንደገና ላልም ብዬ አለቅሳለሁ ይላል። ሰማዩን የሚያዘው ፕሮስፔሮ ነው። ሰማዩን የሚያዳምጠው ግን ካሊባን ነው።

መጨረሻ ላይ ኤሪየል ነፃ ወጣ። ለካሊባን ግን ፕሮስፔሮ ይህ የጨለማ ፍጡር የእኔ ነው ብሎ ብቻ ነው ያለፈው። ቤቱን እንዲያጸዳ ላከው። ከዚያ ወዲያ ምን እንደሚሆን ቴአትሩ አይናገርም። የማርቲኒኩ ገጣሚ ኤሜ ሴዜር በ1969 ይህን ታሪክ ከካሊባን ወገን ሆኖ እንደገና ሲጽፈው ፕሮስፔሮን ወደ ሚላኖ አልመለሰውም። ደሴቱን መልቀቅ አቅቶት እዚያው ቀረ። እኔ ያ መጨረሻ የበለጠ እውነት ይመስለኛል።

ከመጋረጃ ጀርባ፦

የኔ ልጅ፣ እውነትሽን ነው። ካሊባንን የሠራው ጓደኛችን እውነተኛ የባሕር ዛፍ እንጨት ነበር የሚሸከመው። አዘጋጃችን ክብደቱ ይታይ ብሎ። ሲገባ እኔ ከተቀመጥኩበት ሁለት ክንድ ርቀት ላይ ነበር የሚወረውረው። ወለሉ ይርገበገብ ነበር። ጉልበቱ ተልጦ አይቼዋለሁ። ነጎድጓዱን፣ ዝናቡን፣ ነፋሱን ሁሉ ስቆጥር ያንን ድምፅ አንድም ቀን አልቆጠርኩትም። አንቺ ስትይ ነው የሰማሁት።

የሳባ እናት፦

እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ሁሉንም ተርጉሜ አነበብኩላት። ኤሪየል ያለውን ስደርስ «ቆይ፣ ድገሚው» አለችኝ። ጽሑፏን በሲኮራክስ ልትጀምር ነው። ጥሩ ነው ክፉ ነው የሚለውን ትታ፣ ቃሉን ለማን ጠበቀ፣ ለማን አልጠበቀም በሚለው ልትሄድ ነው። የካሊባን እንጨትም ገብቷል።

ከዚያ አንድ ነገር ጠየቀችኝ። «ደብተራውስ ምን ይሉ ነበር? እሳቸውን የጠየቀ ሰው አለ?» አለችኝ። አገር ቤት እናቴ ጋ ደወልን። እናቴ ድምፃቸውን አታስታውስም። የምታስታውሰው አንድ ክረምት በረዶው ሳይመለስ መቅረቱን ነው። ባቄላው ረገፈ። የዚያን ዓመት ማንም እህል አልወሰደላቸውም። ሚስታቸው ቁና ይዛ ለብድር ቤት ለቤት ስትዞር አይታለች። ሳባ ይህንንም ጻፈችው።

ግድግዳ ላይ ለጌጥ የሰቀልኩት ሰፌድ አለኝ። አወረድነው። ሽምብራ ስላልነበረኝ ምስር አደረግንበት። ቀስ ብዬ አንገዋለልኩት። ሳባ ወለሉ ላይ ተቀምጣ ዓይኗን ጨፈነች። «አታቁሚ» አለችኝ።